የቀረ ሰው የሚጠየቅበት ሰፈር

ስለ ብቸኝነት ዘጋቢ ፊልም እየሠራሁ እንደሆነ ስናገር ከብዙ ሰው የማገኘው ምላሽ ተመሳሳይ ነው። ብቸኝነት የፈረንጅ አገር ችግር እንደሆነ፣ እኛ ጋ ቡና እያለ፣ እድርና ሰንበቴ እያለ፣ በር ሳያንኳኳ የሚገባ ጎረቤት እያለ ማንም ብቻውን እንደማይቀር ይነገረኛል። ይህን የሚሉኝ ሰዎች የሚወዱትን ሕይወት እያስታወሱ ነው፤ እኔም ያደግሁት በዚያው ሕይወት ውስጥ ነው። ነገር ግን ዛሬ የምኖረውም የምቀርጸውም በአዲስ አበባ ምሥራቃዊ ዳርቻ በሚገኘው በቦሌ አራብሳ ኮንዶሚኒየም ስለሆነ፣ ቡናም ሆነ እድር በራሱ የሚበቅል ነገር እንዳልሆነ በየቀኑ አያለሁ። ሰዎች በብዙ ዓመት ድካም ያቆሟቸው ናቸው፤ ሰፈሩ ሲፈርስ አብረው ይፈርሳሉ፤ በአዲስ ቦታ እንደገና እስኪቆሙ ድረስ ያለው ጊዜም ለአንድ አረጋዊ ቀሪ ዕድሜያቸው በሙሉ ሊሆን ይችላል።

የዓለም ጤና ድርጅት በሰኔ 2017 ዓ.ም. ያወጣው ሪፖርትም የፈረንጅ አገር ችግር ነው የሚለውን አስተያየት አይደግፍም። በሪፖርቱ መሠረት በዓለም ላይ ከስድስት ሰዎች አንዱ በብቸኝነት ስሜት ይጎዳል፤ ከዚህ ጋር የተያያዘው ሞትም በዓመት ከ871 ሺህ በላይ እንደሚሆን ተገምቷል። እኔ ደጋግሜ ያነበብኩት ግን ሌላውን ቁጥር ነው። ብቸኝነት እንደሚሰማቸው የተናገሩ ሰዎች ድርሻ በከፍተኛ ገቢ አገሮች 11 በመቶ ያህል ሲሆን በዝቅተኛ ገቢ አገሮች ወደ 24 በመቶ ይደርሳል፤ በዕድሜ ሲታይም ከፍተኛው መጠን የተመዘገበው በአሥራዎቹና በሃያዎቹ ዕድሜ ባሉ ወጣቶች ዘንድ ነው። በፊልሜ ውስጥ ከአንዲት እናት ጎን አንድ ወጣት የሕንፃ ጥበቃ እንዲኖር የወሰንኩት ከዚህ በኋላ ነው፤ ምክንያቱም ስለ ብቸኝነት ሲወራ ሁላችንም ቀድመን የምናስበው አረጋውያንን ብቻ ነው።

ይህ ሰፈር በምን መንገድ እንደተሞላ ሳይነገር ግን ስለ ነዋሪዎቹ ብቸኝነት መናገር አይቻልም። በ1990ዎቹ ሁለተኛ አጋማሽ የተጀመረው የኮንዶሚኒየም ግንባታ መጀመሪያ በመሐል ከተማና በቅርብ ሰፈሮች ነበር፤ እየዋለ እያደረ ግን ወደ ጀሞ፣ ወደ አያት፣ ወደ የካ አባዶ፣ ወደ ቱሉ ዲምቱ፣ ወደ ኮዬ ፈጬና ወደ ቦሌ አራብሳ ተገፋ። ቤቱ የሚደርሰው በዕጣ ነው፤ ዕጣው ደግሞ ብሎኩን፣ ፎቁንና የቤቱን ቁጥር ይነግራል እንጂ ጎረቤት አይመርጥም። በዚህ የተነሣ በአንድ ደረጃ የሚወጡና የሚወርዱ ሰዎች አንዱ ከጉለሌ፣ ሌላው ከቂርቆስ፣ ሌላው ከኮተቤ መጥተው እርስ በርሳቸው የማይተዋወቁ ሆነው ይገናኛሉ። ከዕጣ ባለዕድለኞቹ ሌላ መኖሪያቸው ለልማት የተነሣባቸው ሰዎች አሉ፤ ዕጣ የወጣላቸው ብዙ ሰዎች ደግሞ ቤቱን አከራይተው እነርሱ ሌላ ቦታ ስለሚኖሩ፣ ዛሬ የተዋወቁት ጎረቤት የኪራይ ውሉ ሲያልቅ ዕቃውን ጭኖ ይሄዳል። ሥራ ያለው ሰው ደግሞ ወደ መገናኛ የሚሄድ ታክሲና አውቶቡስ ለማግኘት ገና ሳይነጋ ወጥቶ የሚመለሰው ከመሸ በኋላ ነው። ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት ይሻላል የሚለው ተረት እዚህ የሚሠራበት ሰዓት በጣም አጭር ነው።

የፊልሙ ዋና ባለታሪክ አራተኛ ፎቅ ላይ የሚኖሩ እናት ናቸው፤ እኔ እማማ ብዬ እጠራቸዋለሁ፤ በጽሑፍም በፊልሙም ስማቸው እንዲነገር አልፈለጉም። ከፈረሰ የመሐል ከተማ ሰፈር የመጡ ናቸው። ጉልበታቸውን ስለሚያማቸው፣ ሕንፃውም ሊፍት ስለሌለው፣ ወርደው የሚወጡት ለቤተ ክርስቲያንና ለሐኪም ብቻ ነው ማለት ይቻላል። አንዲት ልጃቸው ሪያድ፣ ሌላዋ ቤይሩት ይሠራሉ። በየማታው በኢሞ ይደውሉላቸዋል፤ ገንዘብ ይልኩላቸዋል፤ መድኃኒታቸው ሲያልቅ ቀድመው የሚያውቁት ልጆቻቸው ናቸው። ስለዚህ ከውጭ ለሚያይ ሰው እማማ የተረሱ ሰው አይደሉም፤ እርሳቸውም ተረስቻለሁ ብለው አያውቁም። አንድ ከሰዓት ማይኩን ከነጠላቸው ላይ እያስተካከልኩ ሳለ፣ ገና ምንም ሳልጠይቃቸው፣ እንዲህ አሉኝ፦ «ልጄ፣ የሚጠይቀኝስ አለ፤ አምላክ ይመስገን። የሚያስቸግረኝ ሰው ነው ያጣሁት።»

ፊልሜ በዚህች ንግግር ላይ የቆመ ነው ብል ማጋነን አይሆንብኝም። ምን ማለታቸው እንደሆነ እንዲያብራሩልኝ ስጠይቃቸው ስለ ቀድሞው ሰፈራቸው ለረጅም ጊዜ አወሩኝ። ሠርግ በተቃረበ ቁጥር ወጥ ሠሪዋ እርሳቸው ነበሩ። ትልቁ ብረት ድስት የሚጣደው፣ ቅመሙ የሚመጠነው፣ ሽንኩርቱ በቃው አልበቃው የሚባለው በእርሳቸው ቃል ነበር። ያራስ ገንፎ የሚያገነፉት፣ ልጅ ጥላ ገበያ የምትሄድ እናት በራቸውን የምታንኳኳው፣ ጨው ያለቀባት የምትልከው ወደ እርሳቸው ነበር። ሰዎቹ ይወዷቸው እንደሆነ ስጠይቃቸው ጥያቄዬ ብዙም ቦታ የሚሰጡት አልሆነም፤ «ሲጣሉኝም ይፈልጉኝ ነበር» አሉኝ። አዲሱ ቤታቸው ከቀድሞው እጅግ የተሻለ ነው፤ የራሱ መጸዳጃ ቤት አለው፣ ጣሪያው አያፈስም። ይህንንም ደጋግመው ስለሚናገሩ በፊልሙ ውስጥ ሳላሳጥር አስገብቼዋለሁ፤ የቀድሞውን የጭቃ ቤት እያሞገሰ አዲሱን የሚያጥላላ ፊልም መሥራት ለኖሩበት ሰዎች ታማኝ አለመሆን ነው። የጎደላቸው ነገር ቤት አይደለም፤ እርሳቸው ከሌሉ የሚስተጓጎል ሥራ በዙሪያቸው አለመኖሩ ነው።

ከዚህ በኋላ ብቸኝነትን በካሜራ ለማሳየት የለመድነው መንገድ በሙሉ አላረካኝም። መስኮት ላይ ተቀምጠው ወደ ውጭ የሚያዩ አረጋዊት፣ የተሸበሸበ እጅ በቅርበት፣ አንድ ብቻውን የተቀመጠ ሲኒ፣ ከበስተጀርባ የዋሽንት ድምፅ፤ እነዚህን ምስሎች የሚያይ ተመልካች ማዘን እንዳለበት ወዲያው ያውቃል፤ ካዘነም በኋላ ሥራውን የጨረሰ ይመስለዋል። እኔ ግን እማማን ለማሳዘን መቅረጽ አልፈልግም። ቀኑን ሙሉ ሥራ አይፈቱም፤ ይፈትላሉ፣ ይለቅማሉ፣ ይጸልያሉ፣ ቤታቸው ጥርት ያለ ነው። የሚያሳየኝን ነገር ያገኘሁት ከምስል ይልቅ በድምፅ በኩል ነው። በእኛ ሥራ ቀረጻ ሲያልቅ ለኤዲቲንግ የሚሆን ሩም ቶን እንወስዳለን፤ ሁሉም ሰው ዝም ብሎ ማይኩ ማንም ያልተናገረበትን የክፍሉን ድምፅ ብቻ ለአንድ ደቂቃ ያህል ይቀዳል። በእማማ ቤት ይህን ስቀዳ በማዳመጫዬ የሰማሁት የጎረቤቶቻቸውን ሕይወት ነበር። የኮንዶሚኒየም ብሎኬት ድምፅ አይከለክልም፤ በግራ በኩል ቴሌቪዥን፣ ከላይ የሕፃን ሩጫ፣ ከደረጃው የጀሪካን መጎተት፣ ከታች የቡና ሙቀጫ ይሰማል። በኋላ ለእርሳቸው ሳሰማቸው እያንዳንዱን ድምፅ ለይተው የማን እንደሆነ ነገሩኝ። የሕፃኑን ስም አያውቁም፤ ስንት ሰዓት እንደሚተኛ ግን ያውቃሉ። ያቺ አንድ ደቂቃ በፊልሙ ውስጥ ሳትቆረጥ ትገባለች።

ወጣቱ የጥበቃ ሠራተኛ ነገሩን አወሳሰበብኝ፤ ደስ የሚለኝም ለዚህ ነው። ከደቡብ የመጣ ሲሆን፣ ከሰፈራችን ጫፍ ያልተጠናቀቀ የግል ሕንፃ ይጠብቃል፤ የሚያድረውም እዚያው በቆርቆሮ በተሠራ ማረፊያ ውስጥ ነው። እርሱ የሚፈለግ ሰው ነው፤ በየወሩ የሚልከው ገንዘብ ታናናሾቹን ትምህርት ቤት ያቆያል፤ እናቱ ሳይነግራት ምንም አትወስንም። የእማማ ንግግር ሙሉ በሙሉ ቢሠራ ኖሮ እርሱ ብቸኛ መሆን አልነበረበትም። ሌሊቱን ግን የሚያሳልፈው በቲክቶክ ላይቭ የማያውቃቸው ሰዎች ሲያወሩ እያዳመጠ ነው፤ ራሱ ገብቶ አይናገርም። ለምን እንደሆነ ስጠይቀው እዚህ የሚያውቀው ሰው ስለሌለ የሚያወራው ነገር እንደሌለው ነገረኝ፤ ቀጥሎም «ጋሼ፣ አንድ ሌሊት ብሞት ጠዋት መጀመሪያ የሚቆጠረው ብረቱ ነው» አለኝ። ከሩቅ የሚፈልግህ ሰው መኖሩ ዕዳውንና ኩራቱን ይሰጥሃል፤ ማታ አለመግባትህን የሚያይ ዓይን ግን አይሆንልህም። ስለዚህ መፈለግ ብቻውን አይበቃም፤ መቅረትህ በዚያው ቀን፣ በዚያው ቦታ መታወቅ አለበት።

መቅረትን የሚያውቅ ተቋም ፍለጋ ስሄድ የደረስኩት ወደ እድር ነው። እድር በ20ኛው ክፍለ ዘመን የመጀመሪያ አሥርት ዓመታት ከገጠር ወደ አዲስ አበባ በፈለሱ ሰዎች መካከል እየተስፋፋ የመጣ ማኅበር ነው፤ ዘመድ በሌለበት ከተማ የሞተ ሰው ቀባሪ እንዳያጣ የተፈጠረ ነው ብንል አንሳሳትም። ስለዚህ እድርን እንደ ጥንታዊ የመንደር ቅርስ አድርገን ስንናገር አንድ ነገር እንዘነጋለን፤ እድርን ያቆሙት ልክ እንደ ዛሬዎቹ የአራብሳ ነዋሪዎች እንግዳ በሆኑበት ከተማ የተገናኙ ሰዎች ነበሩ። ይህ ለእኔ ትልቅ ተስፋ የሚሰጥ ነገር ነው።

በእኛ ብሎኮች እድር የቆመው ከአንድ ሞት በኋላ ነው። አንድ አባት ሌሊት አርፈው፣ ጠዋት ባለቤታቸው በር ከፍተው ሲጮኹ የወጡት ጎረቤቶች የሟቹን ስም እንኳ አያውቁም ነበር። አስከሬኑን በጠባቡ ደረጃ ያወረዱት እነርሱ ናቸው፤ ድንኳኑ ግን ከሟች የቀድሞ ሰፈር በመኪና እስኪመጣ ድረስ ለቀስተኛው በብሎኮቹ መካከል በመኪና ማቆሚያው ላይ ቆሞ ጠበቀ። በሰልስቱ ማግሥት የተሰበሰቡት ነዋሪዎች መተዳደሪያ ደንብ አወጡ፤ መመዝገቢያና ወርኃዊ መዋጮ ወሰኑ፤ ድንኳን፣ አግዳሚ ወንበርና ብረት ድስት ገዙ። ኮሚናል የምንለውን የጋራ መገልገያ ቤት ለዕቃ ማስቀመጫነት ተጠቀሙበት። ያልተፈታው ጥያቄ ጥሩምባው ነበር። በቀድሞው ሰፈር ጥሩምባ ነፊው ጎህ ሳይቀድ በየመንደሩ እየዞረ ሲያውጅ ሁሉም ከአልጋው ሆኖ ይሰማል፤ እዚህ ግን በአምስት ደረጃ በተደራረቡ ቤቶች መካከል ድምፁ ያስተጋባል እንጂ ቃሉ አይለይም። አሁን መልዕክቱ በቴሌግራም ይተላለፋል፤ ስማርት ስልክ ለሌላቸው ደግሞ በየብሎኩ የተመደበ አንድ ሰው በር ያንኳኳል። እማማ በር ከሚንኳኳላቸው አንዷ ናቸው። በዚህ ለውጥ አንዳንድ አባቶች ቅር ብሏቸዋል፤ እኔ ግን ከጥሩምባው ማንኳኳቱን እመርጣለሁ፤ በር የሚያንኳኳ ሰው የከፈተለትን ሰው ፊት ያያልና።

በደንቡ ውስጥ ከሁሉም በላይ የምወደው አንቀጽ ቅጣትን የሚመለከተው ነው። ያለ በቂ ምክንያት ቀብር የቀረ፣ ስብሰባ የቀረ፣ ተረኛ ሆኖ ድንኳን ያልተከለ አባል ይቀጣል። ገንዘቡ ትንሽ ነው፤ ነገር ግን ለመቅጣት መጀመሪያ ስም መጥራት ያስፈልጋል። ስሙ ተጠርቶ «የለም» ከተባለ ቀጥሎ «ምን ሆኖ ነው?» የሚል ጥያቄ ይከተላል፤ ታሞ እንደሆነ የሚያይ ሰውም ይላካል። ስለ ሰዎች መቀራረብ ብዙ ጊዜ የምንናገረው በፍቅርና በመተሳሰብ ቋንቋ ነው፤ በዚህ ሰፈር ያየሁት ግን ግዴታው ቀድሞ፣ መዋደዱ ዘግይቶ ሲመጣ ነው። አብረው አግዳሚ የተሸከሙ ሰዎች ናቸው በኋላ ቡና የሚጠራሩት።

ይህን ሁሉ ስቀርጽ የራሴ ነገር አሳሰበኝ። ኑሮዬን የምደጉመው ሠርግና የድርጅት ቪዲዮ በመቅረጽ ስለሆነ ለዚህ ፊልም ጊዜዬን የማወጣው ከዚያ የተረፈውን ነው፤ ሆኖም እማማ ዘንድ ቋሚ እንግዳ ሆንኩ። እኔ በምመጣበት ቀን ቡና እንደሚያዘጋጁ አወቅሁ። ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ስለ ብቸኝነት ሲሠራ ለብቸኛው ሰው ራሱ ወዳጅ ይሆንና፣ ፊልሙ ሲያልቅ ትራይፖዱን አጣጥፎ ይሄዳል፤ እንዲህ ያለ እንግዳ ከመምጣቱ ይልቅ መቅረቱ የበለጠ ይጎዳል። የሙያ ጓደኞቼ ተመልካች ሁን፣ ጣልቃ አትግባ ይሉኛል። እኔ ግን ካሜራ የገባበት ቤት ከካሜራው በፊት እንደነበረ አይቀጥልም ብዬ አምናለሁ፤ ፈረንሳዊው ፊልም ሠሪ ዣን ሩሽና የሶሺዮሎጂ ምሁሩ ኤድጋር ሞራን እ.ኤ.አ. በ1960 በጋ በፓሪስ ሰዎችን ስለ ሕይወታቸው እየጠየቁ ሲቀርጹ የተቀረጸውን ለራሳቸው ለባለታሪኮቹ አሳይተው ክርክራቸውን የፊልሙ ክፍል ያደረጉት ይህንኑ ተቀብለው ነው። እኔም እድሩ ውስጥ ተመዘገብኩ። መዋጮ እከፍላለሁ፤ ተራዬ ሲደርስ ድንኳን እተክላለሁ፤ በለቅሶ ቀን ካሜራው ቤት ይቀራል። በዚህ ምክንያት ብዙ ጠንካራ ምስሎች አልፈውኛል፤ ሆኖም ብቀር ስሜ የሚጠራበት ቦታ ሆኜ የምሠራው ፊልም እንደ እንግዳ ሆኜ ከምሠራው የበለጠ እውነት እንደሚይዝ አምናለሁ።

እንደ አባልም ለሴቶቹ ክፍል ሰብሳቢ ስለ እማማ የወጥ ሙያ ነገርኳት። ይህን ማድረጌ በፊልሙ ውስጥ በግልጽ ይነገራል። በቀጣዩ የተዝካር ዝግጅት ሽንኩርቱ በጆንያ ተጭኖ አራተኛ ፎቅ ወጣ፤ ወጣት ሴቶቹም መክተፊያቸውን ይዘው ተከተሉት፤ እማማም ዱካ ላይ ተቀምጠው ሲያዙ፣ ሲቆጡ፣ ሲያርሙ ዋሉ። ያን ቀን የቀረጽኩትን ቆርጬ ሳሳያቸው ሁለት ነገር አዘዙኝ። ደረጃውን በመከራ የሚወርዱበትን ምስል እንዳወጣው ጠየቁኝ፤ ሪያድ ያለችው ልጃቸው ብታየው እንቅልፍ አይወስዳትም አሉ። ምስሉ ለፊልሙ ያስፈልገኝ ነበር፤ አውጥቼዋለሁ። ሁለተኛው ደግሞ አንዷን ልጅ ሽንኩርት አወፈርሽ ብለው የተቆጡበት ክፍል እንዲረዝም ነው፤ እርሱም ረዝሟል።

የወጣቱ ጥበቃ ጉዳይ ግን ገና አልተቋጨም። የእድሩ ደንብ አባልነትን የሚፈቅደው በብሎኮቹ ውስጥ ለሚኖር ባለቤት ወይም ተከራይ ነው፤ በግንባታ ቦታ የሚያድር ሰው፣ በሰው ቤት የምትኖር የቤት ሠራተኛም በዚህ ውስጥ አይካተቱም። በአካባቢያችን ካሉት ወጣቶች መካከል እነዚህ ጥቂት አይደሉም፤ ቢያርፉ አስከሬናቸው ወደ አገራቸው የሚሄድበት ገንዘብ በልመና ነው የሚሰበሰበው። ስለዚህ በዝቅተኛ መዋጮ እንዲመዘገቡና እንደ ማንኛውም አባል ተራ እንዲወጡ፣ ሲቀሩም እንዲቀጡ የሚጠይቅ ሐሳብ ከሌሎች አባላት ጋር ሆነን አቅርበናል። አንዳንዶች ሥራ ሲቀይሩ ሳይከፍሉ ይጠፋሉ ብለው ይቃወማሉ፤ ስጋታቸው መሠረት አለው፤ በእኔ በኩል መልሴ ተከራዮችም እንደዚያው ይሄዳሉ የሚል ነው። ውሳኔው የሚሰጠው በመጪው ጠቅላላ ጉባኤ ሲሆን፣ ሊቀመንበሩ ካሜራ እንዲገባ ፈቅደዋል። ሐሳቡን ቆመው ከሚያስረዱት አንዱ እኔ ስለሆንኩ ግን በዚያ ቀን ካሜራውን የሚይዝልኝ ሌላ ባለሙያ ይሆናል፤ ወጣቱም ለዚያ እሑድ ተተኪ ጠባቂ አግኝቶ እንደሚመጣ ነግሮኛል።